መንግሥቱ ወርቁ

መንግሥቱ ወርቁ (እ.ኤ.አ. 1940 – ታኅሣሥ 7 ቀን 2003 ዓ.ም.) የኢትዮጵያ ብሔራዊ ቡድን እና የቅዱስ ጊዮርጊስ ስፖርት ክለብ አጥቂ፣ በኋላም የብሔራዊ ቡድኑ አሰልጣኝ ነበር። ኢትዮጵያ በ1954 ዓ.ም. የአፍሪካን ዋንጫ ለመጀመሪያ ጊዜ ስታነሣ የፍጻሜውን ጨዋታ የመጨረሻ ጎል ያስቆጠረው እርሱ ነው። እስካሁንም ሌላ ዋንጫ አልተገኘም። መንግሥቱ በአፍሪካ ዋንጫ ውድድሮች በድምሩ 10 ጎሎች አግብቷል። ከኢትዮጵያውያን ተጫዋቾች በዚህ ውድድር የሚስተካከለው የለም።

በዚህ ጽሑፍ «ዓ.ም.» የተባለው ሁሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው። የአውሮፓው ሲሆን «እ.ኤ.አ.» ተብሎ ተለይቷል። የአፍሪካ ዋንጫ በውጭ መዝገቦች የሚታወቀው በአውሮፓው ዓመት ስለሆነ ሁለቱን ማደባለቅ ቀላል ነው። ለምሳሌ «የ1962ቱ ዋንጫ» ሲባል በኛ 1954 ማለት ነው። በኛ 1962 ደግሞ ካርቱም ላይ ኢትዮጵያ ክፉኛ የተሸነፈችበት ውድድር ነው።

ስሙ በመዝገቦች

የውጭ የስፖርት መዝገቦች ተጫዋቹን አብዛኛውን ጊዜ «ወርቁ» ብለው ይጽፉታል። ወርቁ ግን የአባቱ ስም ነው። ኢትዮጵያውያን የቤተሰብ ስም ስለሌለን በአውሮፓ ደንብ የተዘጋጀ ዝርዝር ውስጥ ስንገባ የምንጠራው በአባታችን ነው። በ1954ቱ የፍጻሜ ጨዋታ ጎል ያገቡት ወንድማማቾቹ ሉቺያኖ እና ኢታሎ ቫሳሎ የቤተሰብ ስም አላቸው፤ ስለዚህ የእነርሱ ስም በዚህ መንገድ አይዛባም። የቀሩት ግን ይዛባል። ዛሬ ላፍቶ ወይም ጀሞ ሜዳ ላይ ኳስ የሚጫወቱ ልጆች የለበሱት ማልያ ጀርባ ላይ የውጭ ተጫዋች ስም ተጽፎ ይታያል። በመንግሥቱ ዘመን ግን ማልያ ላይ ቁጥር እንጂ ስም አይጻፍም ነበር።

በአማርኛም ችግር አለ። «መንግሥቱ» እና «መንግስቱ» ለአንባቢ አንድ ናቸው፣ ለኮምፒውተር ግን «ሥ» እና «ስ» የተለያዩ ፊደላት ናቸው። በአንዱ የፈለገ ሰው በሌላው የተጻፈውን ላያገኝ ይችላል። በዚያ ላይ በዚሁ ስም የሚታወቁ የፖለቲካ ሰዎችና ደራሲ ስላሉ ተጫዋቹን የሚፈልግ አንባቢ ሌሎቹን መንግሥቱዎች አልፎ ነው የሚደርስበት።

ከእርሱ በፊት የነበረው ብሔራዊ ቡድን

ኢትዮጵያ በ1949 ዓ.ም. የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን ከመሠረቱት አገሮች አንዷ ናት። ሌሎቹ ግብፅ፣ ሱዳን እና ደቡብ አፍሪካ ነበሩ። በዚያው ዓመት ካርቱም ላይ የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ሲደረግ ኢትዮጵያ በግማሽ ፍጻሜ የምትገጥመው ደቡብ አፍሪካን ነበር። ደቡብ አፍሪካ በዘር መድልዎ መመሪያዋ ምክንያት ነጭና ጥቁር የተቀላቀለበት ቡድን አልልክም በማለቷ ከውድድሩ ታገደች። ኢትዮጵያም አንድ ጨዋታ ሳታደርግ ለፍጻሜ ደረሰች። በፍጻሜው ግብፅ 4 ለ 0 አሸነፈች። አራቱንም ጎሎች ያገባው አድ ዲባ በሚል ቅጽል ስም የሚታወቀው መሐመድ ዲያብ ኤል አጣር ነው።

በ1951 ዓ.ም. ካይሮ ላይም ነገሩ አልተለወጠም። ግብፅ እንደገና 4 ለ 0፣ ሱዳን ደግሞ 1 ለ 0 አሸነፉ። ከግብፅ አራት ጎሎች ሦስቱን ያስቆጠረው ማህሙድ ኤል ጎሃሪ ሲሆን፣ ይኸው ሰው ከብዙ ዓመታት በኋላ እ.ኤ.አ. በ1998 ግብፅን በአሰልጣኝነት ለአፍሪካ ዋንጫ አብቅቷል።

እንግዲህ እስከ 1954 ዓ.ም. ድረስ ኢትዮጵያ በአፍሪካ ዋንጫ ሦስት ጨዋታ አድርጋ 9 ጎል ገብቶባት ነበር፤ ያገባችው ግን አንድም አልነበረም። የ1954ቱን ድል ለመረዳት ይህን ማወቅ ያስፈልጋል። ብዙ ጊዜ ድሉ የሚተረከው ኢትዮጵያ ቀድሞም ኃያል እንደነበረች ተደርጎ ነው፤ ውጤቶቹ ግን ይህን አያሳዩም።

ቅዱስ ጊዮርጊስ

የመንግሥቱ ክለብ ቅዱስ ጊዮርጊስ በ1928 ዓ.ም. አራዳ ውስጥ የተመሠረተ ነው። ጊዜው የጣሊያን ጦር አዲስ አበባ ከመግባቱ ጥቂት ወራት በፊት ነበር። ክለቡ ገና ከጅምሩ የሚታወቀው በጎል አግቢዎቹ ነው። ከመንግሥቱ በፊት በክለቡ የገነኑት አጥቂ አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ። አቶ ይድነቃቸው በ1954ቱ ውድድር የብሔራዊ ቡድኑ አሰልጣኝ ሲሆኑ፣ እ.ኤ.አ. ከ1972 ጀምሮ እ.ኤ.አ. በ1987 እስከ አረፉ ድረስ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ነበሩ። ስለዚህ መንግሥቱ በክለቡም በአገሩም የተተካው በአቶ ይድነቃቸው ቦታ ነው፤ በ1954ቱ ውድድርም ያሰለጠኑት እርሳቸው ናቸው።

በመንግሥቱ የተጫዋችነት ዘመን ቅዱስ ጊዮርጊስ እ.ኤ.አ. በ1966፣ 1967 እና 1968 በተከታታይ የኢትዮጵያ ሻምፒዮና አሸናፊ ሆኗል። ያ ዘመን የክለቦች ፉክክር በአዲስ አበባ፣ በአሥመራ እና በድሬዳዋ መካከል የነበረበት ነው። የድሬዳዋው ጥጥ ክለብና የአሥመራ ክለቦች ዋንጫውን ደጋግመው ወስደዋል፤ ብሔራዊ ቡድኑም ከእነዚህ ከተሞች የተውጣጣ ነበር።

የ1954 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫ

ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ አዲስ አበባ ውስጥ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስታዲየም (በኋላ አዲስ አበባ ስታዲየም) ተካሄደ። የተሳተፉት አራት ቡድኖች ናቸው፦ አስተናጋጇ ኢትዮጵያ፣ ያለፈው ዋንጫ ባለቤት የተባበረችው ዓረብ ሪፐብሊክ፣ ቱኒዚያ እና ዩጋንዳ። የተባበረችው ዓረብ ሪፐብሊክ የተባለችው ግብፅ ናት። ሶሪያ ከጥቂት ወራት በፊት ከኅብረቱ ብትወጣም ግብፅ ስሙን እንደያዘች ነበር።

እሑድ ጥር 6 ቀን ኢትዮጵያ ቱኒዚያን ገጠመች። ቱኒዚያ ቀድማ ብትመራም ኢትዮጵያ ውጤቱን ገልብጣ 4 ለ 2 አሸነፈች። ከአራቱ ጎሎች ሁለቱ የመንግሥቱ ናቸው። ኢትዮጵያ ከዚያ በፊት በሦስት ጨዋታ አንድም ሳታገባ በዚያ አንድ ቀን አራት አገባች። በሌላው ግማሽ ፍጻሜ ግብፅ ዩጋንዳን 2 ለ 1 አሸንፋ ለፍጻሜ ደረሰች።

የፍጻሜው ጨዋታ የተደረገው እሑድ ጥር 13 ቀን፣ ጥምቀት በዋለ በሁለተኛው ቀን ነው። ተጋጣሚዋ ኢትዮጵያን ሁለት ጊዜ 4 ለ 0 ያሸነፈችው ግብፅ ነበረች። ለኢትዮጵያ የተሰለፉት ግብ ጠባቂው ጊላሚካኤል ተክለማርያም፣ ክፍሎም አርአያ፣ አስመሮም በርሄ፣ በርሄ ጎይቶም፣ አዋድ መሐመድ፣ ተስፋዬ ገብረመድኅን፣ ጌታቸው ወልዴ፣ ግርማ ተክሌ፣ መንግሥቱ ወርቁ፣ ሉቺያኖ ቫሳሎ እና ኢታሎ ቫሳሎ ናቸው። ስሞቹን ያነበበ ሰው እንደሚረዳው ከእነዚህ ብዙዎቹ ከኤርትራ የመጡ ነበሩ። በዚያን ጊዜ ኤርትራ ከኢትዮጵያ ጋር በፌዴሬሽን የተሳሰረች ስትሆን፣ ፌዴሬሽኑ የፈረሰው በዚያው እ.ኤ.አ. 1962 ኅዳር ወር ነው። የቡድኑ አምበል ሉቺያኖ ቫሳሎ ነበር።

ባዳዊ አብደል ፈታህ በ35ኛው ደቂቃ ግብፅን ቀዳሚ አደረገ። ኢትዮጵያ አቻ ለመሆን እስከ 74ኛው ደቂቃ ጠበቀች፤ ግርማ ተክሌ አገባ። ደስታው ግን አንድ ደቂቃ እንኳ በቅጡ አልቆየም፤ በ75ኛው ባዳዊ ሁለተኛውን ጨመረ። ጨዋታው ሊያልቅ ስድስት ደቂቃ ሲቀረው ሉቺያኖ ቫሳሎ 2 ለ 2 አደረገውና ወደ ተጨማሪ ሰዓት ተሄደ። በዚያ ዘመን የመለያ ምት ገና በእግር ኳስ ሕግ ውስጥ አልገባም ነበር። በ101ኛው ደቂቃ ኢታሎ ቫሳሎ ኢትዮጵያን ለመጀመሪያ ጊዜ መሪ አደረገ። መሪነቱ በአንድ ጎል ብቻ ሆኖ አሥራ ስድስት ደቂቃ ቆየ። ግብፅ ከቀናት በፊት በዚሁ ሜዳ አሸንፋለች፣ በዚያ ቀንም ሁለት ጊዜ ቀድማለች፤ አንድ ጎል ታገባለች ብሎ መፍራት ተገቢ ነበር። በ117ኛው ደቂቃ መንግሥቱ አራተኛውን አገባ። ሦስት ደቂቃ ነበር የቀረው።

ዋንጫውን ለሉቺያኖ ቫሳሎ የሰጡት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ናቸው። መንግሥቱ እና ባዳዊ አብደል ፈታህ እያንዳንዳቸው ሦስት ሦስት ጎል በማግባት የውድድሩ ከፍተኛ ጎል አግቢዎች ሆኑ።

አንዳንዶች ይህን ድል ለማቃለል «አራት ቡድን ብቻ ነበር፣ በዚያ ላይ በገዛ ሜዳ» ይላሉ። አራት መሆኑ እውነት ነው። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስለምትገኝ ከዝቅተኛ ቦታ የመጣ ቡድን በ120 ደቂቃ ጨዋታ መጨረሻ ላይ መድከሙም የሚጠበቅ ነው። ኢትዮጵያ ሦስተኛውንና አራተኛውን ጎል ያገባችውም በተጨማሪ ሰዓት ነው። ይሁን እንጂ ተሸናፊዋ ያለፉትን ሁለት ዋንጫዎች ያነሣች ቡድን ነበረች፤ ካይሮ ላይ ያነሣችው ሁለተኛው ዋንጫም በገዛ ሜዳዋ፣ በሦስት ቡድኖች መካከል በተደረገ ውድድር የተገኘ ነው። የኢትዮጵያን የሚያቃልል ያንንም ማቃለል ይኖርበታል።

ከዋንጫው በኋላ

ብዙ አንባቢ መንግሥቱን የሚያውቀው በ1954ቱ ነው። ከአሥሩ ጎሎቹ ሰባቱ ግን የገቡት ከዚያ በኋላ፣ ቡድኑ ዋንጫ ባላገኘባቸው ዓመታት ነው።

በኅዳር 1956 ዓ.ም. ጋና ላይ ኢትዮጵያ የዋንጫ ባለቤት ሆና ቀረበች። በምድቧ በጋና 2 ለ 0 ተሸንፋ ቱኒዚያን ዳግመኛ 4 ለ 2 አሸነፈች። ለሦስተኛ ደረጃ በተደረገው ጨዋታ በግብፅ 3 ለ 0 ተረትታ አራተኛ ወጣች። የጋናው የቱኒዚያ ጨዋታ ልዩ ቦታ አለው፤ ኢትዮጵያ በአፍሪካ ዋንጫ ከአገሯ ውጭ ያሸነፈችው ይህን አንድ ጨዋታ ብቻ ነው። በኅዳር 1958 ዓ.ም. ቱኒዚያ ላይ ደግሞ በአስተናጋጇ 4 ለ 0፣ በሴኔጋል 5 ለ 1 ተሸንፋ ከምድብ ተመለሰች።

ጥር 1960 ዓ.ም. ውድድሩ እንደገና ወደ ኢትዮጵያ መጣ። ቡድኖቹ ስምንት ሆኑ፤ ጨዋታዎቹም በአዲስ አበባ እና በአሥመራ ተከፋፈሉ። የኢትዮጵያ ቡድን ከ1954ቱም የበለጠ የተረጋጋ አጨዋወት ያሳየው በዚህ ውድድር ምድብ ይመስላል፦ ዩጋንዳን 2 ለ 1፣ አይቮሪ ኮስትን 1 ለ 0፣ አልጄሪያን 3 ለ 1። ሦስቱንም አሸንፎ ያለፈው ቡድን በግማሽ ፍጻሜ ከኮንጎ ኪንሻሳ ጋር ተጨማሪ ሰዓት ገብቶ 3 ለ 2 ተሸነፈ። ኮንጎ በፍጻሜው ጋናን 1 ለ 0 አሸንፋ ዋንጫውን ወሰደች። ኢትዮጵያ ለሦስተኛ ደረጃ በአይቮሪ ኮስት 1 ለ 0 ተሸንፋ አራተኛ ሆነች። ለሁለተኛው ዋንጫ ከሁሉ የቀረበችው ያን ጊዜ ነው። የ1954ቱ ተጨማሪ ሰዓት የሰጣትን የ1960ው ወሰደባት።

በ1962 ዓ.ም. ሱዳን ላይ ያ ትውልድ ተሰነባበተ። ኢትዮጵያ በሱዳን 3 ለ 0፣ በካሜሩን 3 ለ 2፣ በአይቮሪ ኮስት 6 ለ 1 ተሸነፈች። ከስድስቱ አምስቱን ያገባው ሎራን ፖኩ ነው። ፖኩ በአፍሪካ ዋንጫ በድምሩ 14 ጎሎችን አግብቶ ክብረ ወሰኑን ሳሙኤል ኤቶ እ.ኤ.አ. በ2008 እስኪያልፈው ድረስ ይዞት ቆይቷል። መንግሥቱም በ10 ጎሎቹ፣ በዚያን ጊዜ ከፖኩ እና ከግብፃዊው ሐሰን ኤል ሻዝሊ ቀጥሎ የሚጠራ ነበር። ከዚያ ወዲህ በውድድሩ ታሪክ አሥር ጎል የሞላላቸው ተጫዋቾች ጥቂት ናቸው። ከእነርሱም ብዙዎቹ በአውሮፓ ክለቦች ደመወዝ እየተከፈላቸው ያደጉ ናቸው፤ የመንግሥቱ ዘመን የኢትዮጵያ ተጫዋቾች ግን እግር ኳስን መተዳደሪያ የማድረግ ዕድል አልነበራቸውም።

ጎሎቹን ስንደምር

የኢትዮጵያን የአፍሪካ ዋንጫ ውጤቶች አንድ በአንድ ደምሮ ማየት ከማንኛውም ውዳሴ ይልቅ የመንግሥቱን ቦታ ያሳያል። ኢትዮጵያ እስከ ጥር 2014 ዓ.ም. ድረስ በ11 ውድድሮች 30 ጨዋታ አድርጋለች። ከእነዚህ በትክክል ግማሹ፣ ማለትም 15ቱ፣ የተደረጉት መንግሥቱ ጎል ባገባባቸው ዓመታት፣ ከ1954 እስከ 1962 ዓ.ም. ባሉት አምስት ውድድሮች ነው። በእነዚህ 15 ጨዋታዎች ኢትዮጵያ 24 ጎል አገባች፣ ስድስት ጊዜም አሸነፈች። በቀሩት 15 ጨዋታዎች (1949፣ 1951፣ 1968፣ 1974፣ 2005 እና 2014 ዓ.ም.) ያገባችው 7 ጎል ብቻ ነው፤ ያሸነፈችውም አንድ ጊዜ፣ በ1968 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ዩጋንዳን 2 ለ 0 ነው። መንግሥቱ ብቻውን ያገባው 10 ነው። በሌሎቹ ስድስት ውድድሮች የተሰለፉት የኢትዮጵያ ተጫዋቾች ሁሉ ጎል ተደምሮ የእርሱን አያህልም።

ይህ ማለት ግን ሁሉንም የሠራው እርሱ ነው ማለት አይደለም። አጠገቡ ሉቺያኖ ቫሳሎን የመሰለ ተጫዋች ነበር። ሁለት ውድድሮችም በአገር ውስጥ መደረጋቸው ረድቷል፤ ከሰባቱ የኢትዮጵያ ድሎች ስድስቱ አዲስ አበባ ላይ የተገኙ ናቸው። ይህ የመጨረሻው ነጥብ ለዛሬውም ቡድን ትርጉም አለው። በቅርብ ዓመታት በአገር ውስጥ የኮንፌዴሬሽኑን መስፈርት የሚያሟላ ስታዲየም ባለመኖሩ ብሔራዊ ቡድኑ «የሜዳዬ» የሚላቸውን ጨዋታዎች በሌሎች የአፍሪካ አገሮች እየተዘዋወረ ሲጫወት ቆይቷል።

አሰልጣኝነት

መንግሥቱ ጫማውን ከሰቀለ በኋላ ወደ አሰልጣኝነት ገባ። በ1974 ዓ.ም. ሊቢያ ላይ በተደረገው የአፍሪካ ዋንጫ ኢትዮጵያን ይዞ የቀረበው እርሱ ነው። ቡድኑ በናይጄሪያ 3 ለ 0፣ በዛምቢያ 1 ለ 0 ተሸንፎ ከአልጄሪያ ጋር 0 ለ 0 ወጣ። ለአገሩ በአፍሪካ ዋንጫ ከማንም በላይ ጎል ያገባው ሰው ያሰለጠነው ቡድን አንድም ጎል ሳያገባ ተመለሰ። በውጤቱ ብቻ መዝኖ በአሰልጣኝነቱ መፍረድ ግን ትክክል አይመስልም። አልጄሪያ በዚያው ዓመት ክረምት በዓለም ዋንጫ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ያሸነፈች ቡድን ነበረች፤ እርሷን ያለ ጎል መያዝ ቀላል አልነበረም። ለውድድሩ መብቃቱም ራሱ ትንሽ ነገር እንዳልነበረ ቀጥሎ የመጣው ጊዜ አሳይቷል።

ኢትዮጵያ ከዚያ በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ለመመለስ 31 ዓመት ፈጀባት። በጥቅምት 2005 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ሱዳንን 2 ለ 0 አሸንፋ ስታልፍ ጎሎቹን ያስቆጠሩት አዳነ ግርማ እና ሳላዲን ሰይድ ናቸው። በጥር ወር ደቡብ አፍሪካ ላይ ከዛምቢያ ጋር 1 ለ 1 ስትወጣ አዳነ ያገባት ጎል ኢትዮጵያ ከ1968 ዓ.ም. ወዲህ በአፍሪካ ዋንጫ ያስቆጠረቻት የመጀመሪያዋ ናት።

መንግሥቱ ይህን አላየም። ታኅሣሥ 7 ቀን 2003 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 16 ቀን 2010)፣ ከዛምቢያው ጨዋታ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ፣ ከዚህ ዓለም በሞት ተለየ።